እንቁራሪቶቼ ከመስታወት ቤቴ አይወጡም

ግንቦት 2 ቀን 1962 ዓ.ም.

አልተበሉም! አንድም አልተበላም! የቲማቲም ችግኞቼ ትናንት እንደተውኳቸው ቀጥ ብለው ቆመው አደሩ!

...እንደምን አደርክ እንኳ ሳልልህ። ደብተር ሰላም ባይባል ምን ይለኛል? ይሁን፣ እንደምን አደርክ፣ ደህና ነህ፣ ቤተሰብ ደህና... በቃ፣ ሰላምታው አለቀ። ወሬዬን ልቀጥል።

ቀኑ እንደ ማንኛውም እሑድ ነው። ከቤተ ክርስቲያን መልስ ነጠላዬን ሳላወልቅ ወደ መስታወት ቤቴ ገባሁ። እንደየጧቱ አንገቴን ደፍቼ፣ ሬሳ ለመልቀም። ሰሞኑን ሌላ ሥራ አልነበረኝም። ቆራጭ ትል ቀን ቀን አፈር ውስጥ ተጠቅልሎ ይተኛና ሲመሽ ወጥቶ ግንዱን ከሥሩ ይቆርጠዋል። ጨርሶ ቢበላው እንኳ ደግ፤ ቆርጦ ጥሎት ነው የሚሄደው። ምቀኛ! የተረፈውን ደግሞ ቤት የሌለው ቀንድ አውጣ ልጋጉን እየጎተተ ወንፊት ያደርገዋል። ዝናብና በረዶ እንዳይገባ ብዬ የሠራሁት ቤት ለካ ለነሱም አልጋ አንጥፎላቸዋል።

ዛሬ ግን... ምንም!

ምክንያቱን አውቀዋለሁ። በውሃው በርሜል በኩል ያለው መደብ ከመጀመሪያውም ተነክቶ አያውቅም ነበር። ጥላው ይሆናል፣ እርጥበቱ ይሆናል ስል ከረምኩ። ባለፈው ሳምንት እዚያ ጋ የተደፋ ስባሪ ማሰሮ ሳነሣ... ቁጭ! ሆዱ የተነፋ፣ ቆዳው ሸካራ፣ ዓይኑ ወርቅ የመሰለ ጉርጥ። አይቶኝም አልተነቃነቀም። "ምን ፈልገሽ ነው?" የሚል ይመስላል። ጮኼ ልሮጥ ስል አንድ ትል ከአፈሩ ብቅ አለ። ምላሱን አላየሁትም። ትሉ ነበረ፣ ትሉ የለም።

የአሥረኛ ክፍል መምህራችን እንቁራሪት ሰሌዳው ላይ ስሎ "ምላሷ የተተከለው ከፊት ነው፣ እንደናንተ ከኋላ አይደለም" ሲለን ክፍሉ በሳቅ ፈርሶ ነበር። ይኼ ነገር ለምን ይጠቅማል ያልን ሁሉ...

ከቦዩ ሁለት ሌሎች ይዤ ጨመርኩና በሩን ዘጋሁባቸው። ውጤቱ ይኸው። ትልቁን ሻለቃ ብዬዋለሁ። አቀማመጡ የሻለቃ ነው።


ግንቦት 5

ነስሩ ሱቅ ጨው ልገዛ ሄድኩ። አሥር ዓመት ሙሉ ከዚያ ሱቅ ሳልስቅ ወጥቼ አላውቅም።

"እትዬ ወለቴ፣ ዲዲቲ ልስፈርልሽ?"

"አልፈልግም።"

"ትሉንስ?"

"ዘበኛ ቀጥሬበታለሁ።"

"ማንን?"

"ጉርጥ።"

ሚዛኑን ለቀቀው። "ወላሂ? ደመወዙስ?"

"ትሉን ይበላል።"

"እንዲህ ያለ ሠራተኛ ሲገኝ ለኔም ጥሪልኝ። የኔ ልጅ እኮ ትሉን ትቶ ስኳሩን ነው የሚበላብኝ!"

ዲዲቲውን አልፈልግም ስል ግን እውነቴን ነው። አምና ነሰነስኩት። ትሉ ሞተ፣ እውነት ነው። የሞተውን ትል ዶሮዎቼ ለቀሙት። አንድ በአንድ አንገታቸውን እየጣሉ... አይ፣ እሱን መጻፍ አልፈልግም።

ከተማው "የመስኮት ቤት" ይለዋል የኔን የመስታወት ቤት። አይፈረድበትም። ባለቤቴ ወልደገብርኤል፣ ነፍሱን ይማረውና፣ አናጢ ነበር። አንድ አሮጌ መሥሪያ ቤት ሲፈርስ መስኮቶቹን ከነማጠፊያቸው ገዝቶ ጓሮ ደረደራቸው። "ምን ልታደርጋቸው ነው?" ስለው "አንድ ቀን" ይለኝ ነበር። አንዱ ቀን ሳይመጣለት ሄደ። እኔ አመጣሁት። ግማሹ መስኮት አረንጓዴ፣ ግማሹ ቡናማ፣ አንዱማ እስካሁን "ገንዘብ ያዥ" የሚል ጽሑፍ አለበት። ጣሪያውም መስኮት፣ ግድግዳውም መስኮት። የማንም ቲማቲም በክረምት ዝናብ ሲበሰብስ የኔ እዚያ ውስጥ ይቀላል። የምተዳደርበት እሱ ነው። ሌላ ምን አለኝ?

ስለዚህ ሦስት ጉርጥ አይበቃም። ተጨማሪ ያስፈልገኛል።


ግንቦት 12

ወይ ጉዴ። ወይ ጉዴ! ልሳቅ ወይስ ላልቅስ?

ማለዳ ዝናቡ ሲያባራ ከጎረቤቴ ከአዴ ዲንቂ ጋር ወደ ምንጩ ወረድን። አዴ ዲንቂ የሚሲዮኑ ቤተ ክርስቲያን ሰው ናት። እኔ በኦሮምኛዬ እሰናከላለሁ፣ እሷ በአማርኛዋ ትሰናከላለች፣ ሃያ ዓመት እንዲህ ተደጋግፈን ኖርን።

"ያ ወለቴ፣ ማል ጎታ፣ ምን ልታደርጊ ነው? በዚህ ጭቃ ራቻ... እንቁራሪት ልንለቅም ነው የቀሰቀስሽኝ?"

"ትላንት ቲማቲሙን ስታዪ 'ግሩም ነው' ብለሽ የለ?"

"ቲማቲሙን ነው እንጂ ራቻውን ብያለሁ?"

አለች እንጂ ቀሚሷን ወገቧ ላይ ሸብ አድርጋ ቀድማኝ ነው የገባችው። ከኔ ይልቅ እሷ ናት የያዘችው። አንዱ በእጇ ላይ ሽንቱን ሲለቅባት "ይኼስ ባሌን ይመስላል፣ ሲይዙት ይፈራል!" ብላ እዚያው ጭቃው ላይ ቁጭ አለች በሳቅ።

የያዝናቸውን በምን እንውሰዳቸው? ባልዲ ክዳን የለውም፣ ይዘላሉ። ቆርቆሮ ያፍናቸዋል። ስለዚህ አሮጌውን አገልግል ይዤ ነበር። ቆዳው የተላጠ፣ ዓመት ሙሉ ዘር የማስቀምጥበት አገልግል። ክዳን አለው፣ ይተነፍሳል። ከዚህ የተሻለ ዕቃ ማን ያመጣል?

እንግዲህ ወደ ቤት ስንመለስ ማን ከቤተ ክርስቲያን ትመጣለች? እትዬ በዛብሽ። የማርያም ማኅበራችን ሙሴ። ማኅበሩን የምትመራው፣ ማን መቼ እንደሚደግስ የምትወስነው እሷ ናት። ነጠላዋ ነጭ፣ ጫማዋ ንጹሕ፣ ጎጃሜ ኩራቷ ከሷ ፊት ፊት የሚሄድ።

"እሰይ፣ እሰይ! አገልግል ተሸክማችሁ ከየት? ከሰርግ ቤት ነው? ምን ይዛችሁልን መጣችሁ?"

"እትዬ በዛብሽ፣ ተይው አትክፈ..."

ከፈተችው።

ደብተሬ ሆይ፣ ሁሉም ባንድ ጊዜ አልዘለሉም። አንዱ ብቻ ነው የዘለለው። ግን ደረቷ ላይ! ጩኸቷ ገበያ ድረስ ተሰምቷል ይላሉ። እኔ ልይዘው ስል ነጠላዋ ውስጥ ገባ፣ አዴ ዲንቂ "ቆይ፣ ቆይ፣ ያዝኩት!" እያለች ነጠላዋን ስትጎትት ባሰ።

ፊቷ አመድ መሰለ። አልተሳደበችም እንኳ። "በአገልግል... በምግብ ዕቃ... እንቁራሪት..." ብላ ሄደች።

ያን ያህል ያስፈራል? ቆዳው እኮ ቀዝቃዛ ነው፣ ሌላ ምንም።


ግንቦት 13

ከተማው ሰምቷል።


ሰኔ 8

ሸዋጌጥ መጣች። ከማኅበሩ ሴቶች አብራኝ የምትስቀው እሷ ናት። ዛሬ ግን ወንበሩ ጫፍ ላይ ነው የተቀመጠችው።

"ወለትዬ፣ አውጫቸው።"

"ማንን?"

"አታውቂም? እንቁራሪቶቹን። ሰዉ ምን እንደሚል ሰምተሻል? መተት ነው ይላል። ባሏ ከሞተ ወዲህ ጓሮዋ ለብቻው የሚያፈራው በደህና አይደለም ይላል። እትዬ በዛብሽ ደግሞ በምግብ ዕቃ እንቁራሪት ከተሸከመች ሴት ቤት እንዴት ይበላል ብላለች።"

"እና አንቺስ ምን ትያለሽ?"

ጣቶቿን ታፍተለትላለች። "እኔማ... ሐምሌ ላይ ጽዋውን የምትረከቢው አንቺ ነሽ። ካላወጣሻቸው እንዳያሳልፉሽ ነው የምፈራው።"

ጽዋዬን? በማርያም ማኅበር ተራዬን? ያንን ጽዋ የሚረከብ ሰው በሚቀጥለው ወር ይደግሳል፣ ቤቱ ይባረካል፣ ሰው ይገባለታል። የተዘለለ ሰው ግን... የተዘለለ ሰው ለቅሶው ላይ ማን ይቆማል? ልጅ የሌለው፣ ባል የሌለው ቤት፣ በዚያ ላይ የተዘለለ?

ሸዋጌጥን ይዤ ወደ መስታወት ቤት ገባሁ። ሻለቃን አሳየኋት። ዓይኗን ጨፈነች።

"ጸያፍ ነው፣ ወለቴ!"

"ትሉ ነው ጸያፉ። ይኼ ሠራተኛ ነው።"

አላወጣም። ያጠፋሁት ነገር ቢኖር ይቅርታ እላለሁ። ላላጠፋሁት ግን አንገቴን አልደፋም። እንቁራሪቶቼንም አላወጣም፣ ተራዬንም አልለቅም። ሁለቱንም!


ሰኔ 10

ከትናንት ወዲያ የጻፍኩትን ዛሬ አነበብኩት። ይሁን። የተጻፈው ተጽፏል።


ሐምሌ 21

ዘለሉኝ።

ማኅበሩ ሸዋጌጥ ቤት ነበር። መምሬ ኃይለጊዮርጊስ ለተዝካር ወደ ዲጋ ሄደው ዲያቆን ነው የመጣው፣ ገና ለጋ። ጸሎቱ ደረሰ፣ ዳቦው ተቆረሰ፣ ጠላው ተቀዳ። ጽዋው የሚሰጥበት ሰዓት ሲደርስ ነጠላዬን አደግድጌ ተነሣሁ። ሁሉም ሰው እግሩን ያያል። በዛብሽ ተቀምጣ፣ ወደኔ ሳትዞር፣

"ሐረግወይን ትረከብ" አለች።

ሐረግወይን ከኔ ቀጥላ ናት። ወደኔ አየች፣ ወደ በዛብሽ አየች። ዲያቆኑ ጽዋውን ይዞ መሐል ቤት ቀረ።

"ተራው የኔ ነው" አልኩ።

"ቤትሽ ሲጸዳ ተራሽ ይመጣል።"

"ቤቴ ከማን ቤት ያንሳል?"

"ጓሮሽ ይጽዳ።"

ሐረግወይን ተረከበች። ምን ታድርግ?

ቆሜ ቀረሁ... ያደገደገ ሰው እንዴት ብሎ ይቀመጣል? እማማ ወሰኔ፣ የሁላችንም ትልቅ፣ ጆሯቸው የማይሰማው፣ "ምን ተባለ? ማን ሞተ?" እያሉ ይጠይቃሉ።

ማንም አልሞተም፣ እማማ። ገና አልሞትኩም።


ነሐሴ 1

ፍልሰታ ገባ። ቲማቲሜ ቀይ ነው! በዚህ ዝናብ፣ ሰው ሁሉ አትክልቱ በጭቃ ተደፍቶበት እያለ፣ የኔ ዘለላው በዘለላ ላይ! መስታወቱ በላብ ረጥቧል፣ ውስጡ እንደ ቆላ ይሞቃል፣ ዘበኞቼ ከየማሰሮው ሥር ያንጎላጃሉ። ከዝናቡ ጋር ዘመዶቻቸው ከውጭ ይጠሯቸዋል፣ እነሱም ይመልሱላቸዋል። ጓሮዬ ማኅሌት የቆመበት ይመስላል።

ታዲያ ምን ይባል ጀመር መሰለህ? "የወለቴ ቲማቲም ጾም ያስፈታል።" እንቁራሪት ሥጋ ነው፣ እንቁራሪቱ ቲማቲሙን ይነካል፣ ሥጋ የነካው ደግሞ ፍስክ ነው። በእመቤታችን! ይህን ያሰበ ሰው ትምህርት ቤት ቢሄድ የት በደረሰ?


ነሐሴ 2

ተናገርኳቸው።

ከቅዳሴ ስንወጣ ቅርጫቴን ይዤ ከበሩ ውጭ፣ ዛፉ ሥር ቆምኩ። ሰው ያያል፣ ያልፋል። በዛብሽ ከሴቶቹ ጋር መጣች።

"ጾም ነው" አለች።

"አውቃለሁ። ቲማቲም ነው።"

"እንቁራሪት የተንጎማለለበት።"

ሳቁ። ደሜ ፈላ፣ ግን ሳቄም መጣ። ሁለቱ አብረው ሲመጡብኝ ነው አፌ የሚከፈተው።

"ጎመን ትበያለሽ፣ እትዬ በዛብሽ?"

"ምን የሚሉት ጥያቄ ነው? በጾም ሌላ ምን እበላለሁ?"

"ጎመኑ በምን ይበቅላል?"

"በመሬት።"

"በፍግ! ፍጉ ከማን ነው? ከላም! ላሟ ምንድን ናት? ፍስክ! እንግዲያው የናንተ ጎመን ሁሉ ፍስክ ነው! ይኸው በአደባባይ ነገርኳችሁ፣ ዛሬ ጀምራችሁ ባዶ እንጀራ ብሉ!"

አንዱ ሽማግሌ ሳቁን ሲያፍን አስነጠሰው። በዛብሽ ግን አልሳቀችም። ሌላ ሰው ቢሆን ይሳደባል። እሷ ቅርጫቱን አየች፣ እኔን አየች፣ ሄደች። አንድም ሰው አልገዛኝም።

አዴ ዲንቂ ወደ ቤት ስመለስ ቅርጫቱን አይታ "ማል ጎና፣ ምን እናድርግ፣ እኛ እንበላለን" አለች። እሷማ ትበላለች። ግን ስንት ቲማቲም ይበላል የአንድ ሰው ሆድ?


ነሐሴ 6

ነስሩ ሰው ልኮ ጠራኝ።

"ቲማቲሙን ለኔ አምጪው።"

"ማን ይገዛሃል?"

"አንቺ አምጪ።"

"ከዲጋ ነው ከአርጆ ነው ብለህ ልትዋሽ ከሆነ አላመጣም። የኔ ነው!"

"ማን ሊጠይቀኝ ነው እትዬ ወለቴ? በዚህ ዝናብ ከየት እንደሚመጣ የማያውቅ ማን አለ? የማይጠይቀኝ እኮ ስለሚያውቅ ነው!"


ነሐሴ 8

አለቀ! ሁሉም! በአንድ ቀን ተኩል! ነጠላቸውን እስከ ዓይናቸው ተከናንበው፣ "ሻማ አለህ?" ይሉና፣ ሻማውን ይዘው፣ "ያንንም ጨምርልኝ" እያሉ በአገጫቸው ይጠቁማሉ አለኝ ነስሩ። ስሙን የጠራው የለም። "ያንን" ነው የሚሉት።

"የማን ሠራተኛ እንደመጣች ልንገርሽ?" አለኝ።

"አትንገረኝ! ጾም ላይ ነኝ።" ጆሮዬን ይዤ ወጣሁ።


ነሐሴ 9

ሄጄ ጠየቅኩት።

የበዛብሽ ሠራተኛ ናት። ሦስት ጊዜ መጥታለች።

አሃ! አሃ! አሁን ትመጣለች እንጂ! ቤቴ ገብቼ ለብቻዬ አጨበጨብኩ። ሻለቃንም ሄጄ ነገርኩት። ይህን ወሬ እንደ ምላጭ በነጠላዬ ጫፍ ቋጥሬ ነው የማስቀምጠው። እስከ ሃያ አንድ።


ነሐሴ 20

ነገ ማኅበር ነው። ማንም አልጠራኝም። እሄዳለሁ።

ብሄድስ ምን እላለሁ? መለመን አልችልበትም። መሳደብ ደግሞ በማርያም ቀን አይሆንም። ምሽቱን ሙሉ ሳሰላስል አንድ ነገር ትዝ አለኝ። መምሬ ሁልጊዜ የሚጠይቁት፣ ማንም ከልቡ የማይመልሰው...


ነሐሴ 21

ቁጭ ብዬ በሥርዓት ልጻፈው። እጄ ግን ይሮጣል።

ሐረግወይን ቤት ሞልቷል። ደጁን አልፌ ስገባ ወሬው ቆመ። ሸዋጌጥ ጠጋ ብላ ቦታ ሰጠችኝ፣ እግዜር ይስጣት። መምሬ ኃይለጊዮርጊስ ከዲጋ ተመልሰዋል። ወጡ ይሸታል፣ ጠላው ተጣርቷል፣ ሐረግወይን ከጓዳ ጓዳ ትሮጣለች፣ ላቧ እስከ አገጯ። ጸሎቱ ደረሰ። መምሬ ጽዋው ላይ እጃቸውን ጭነው እንደ ልማዳቸው፣

"የተጣላ፣ የተቀያየመ፣ ያልታረቀ አለ? ካለ ጽዋው አይከፈትም።"

"የለም፣ የለም" አለ ሁሉም፣ እንደ ልማዱ። ወጡ እኮ ይሸታል!

"አለ" አልኩ። "እኔ።"

መምሬ እጃቸውን አነሡ። ሁሉም እጁን ከሞሰቡ ሰበሰበ።

"ከማን ጋር፣ ልጄ?"

"ከእትዬ በዛብሽ ጋር። ተራዬን ወስዳብኛለች። እስኪመለስልኝ አልታረቅም። ካልታረቅኩ ደግሞ ደንቡን እርስዎ ያውቁታል።"

"ወለቴ! ዛሬ?" አለች ሐረግወይን ከጓዳ ብቅ ብላ። "ዶሮዬ ሊቀዘቅዝ ነው!"

"ይቀዝቅዝ።"

ያን ጊዜ ድፍረቴ ለራሴም ገረመኝ። ሰላሳ የራበው ሰው ዙሪያዬን ተቀምጦ... መምሬ ወደ በዛብሽ ዞሩ። "ሙሴያችን፣ ምን ትያለሽ?"

"እንቁራሪቶቹን ታውጣ፣ ዛሬውኑ ጽዋውን ትውሰድ።"

"አላወጣም።"

"ሰማችኋት?"

"ሰሙኝ። አላወጣም!"

ዝናቡ ቆርቆሮውን ይደበድባል። አንዱ ሆድ ጮኸ፣ የማን እንደሆነ አላወቅኩም። እማማ ወሰኔ ምንም ያልሰሙት፣ ፊታቸው የቀረበውን ሰላጣ ጎንበስ ብለው አዩና፣ ጮክ ብለው፣

"ሐረግወይን፣ ይህን የመሰለ ቲማቲም በክረምት ከየት አገኘሽ?"

ሐረግወይን "...ከነስሩ ሱቅ፣ እማማ" አለች።

"ነስሩስ ከየት አመጣው?"

አንዱ ጣሪያውን ያያል፣ አንዱ የእጁን ጥፍር። ሸዋጌጥ ነጠላዋን አፏ ውስጥ ጠቀጠቀች፣ ትከሻዋ ይንቀጠቀጣል። መምሬ ጉሮሯቸውን ጠረጉ።

"እኔ ለራሴ" አሉ፣ "በጾሙ በልቻለሁ። ከየት እንደመጣም አውቄ። ውሃ ለምን ተፈጠረ? ይታጠባል፣ ይበላል።"

ሳቁ ፈነዳ! ቤቱ ሁሉ! እማማ ወሰኔ "ማን ወለደ?" ይላሉ።

በዛብሽ ብቻ አልሳቀችም።

ጊዜው የኔ ነበር። የቋጠርኳት ምላጭ ምላሴ ጫፍ ላይ መጥታለች። "ሠራተኛሽስ ሦስት ጊዜ..." ልላት አፌን ስከፍት ቀድማኝ ተናገረች። በቀስታ። ጎንበስ ካላልክ የማይሰማ።

"ድሮ ኡኬ ስንኖር ወንዱ ልጄ ታመመብኝ። መድኃኒት ብል፣ ጠበል ብል... አንድ ቀን ደጃፌን ስጠርግ አፈሩ ተነሥቷል። ብቆፍረው እንቁራሪት ናት። በጥቁር ክር ተጠፍራ የተቀበረች። ልጁ በሳምንቱ ሞተ። ያንን ክር እስከ ዛሬ አየዋለሁ። ያን ቀን አገልግሉን ስከፍተው... ወለቴ፣ ተናድጄ አይደለም። ፈርቼ ነው።"

ሳቁ የት እንደገባ አላውቅም። ምላጬን ዋጥኳት። ጉሮሮዬን ቆርጣኝ ወረደች።

ተነሥቼ አጠገቧ ሄጄ ተቀመጥኩ።

"እትዬ በዛብሽ፣ ያንን ያደረገ ሰው እጁ ይድረቅ። ልጅሽን የገደለችው ግን ያቺ እንቁራሪት አይደለችም። እሷም ታስራ ነው የሞተችው።"

አቀርቅራ ራሷን ነቀነቀች።

"የኔዎቹ ክር የላቸውም። አላወጣቸውም፣ አንቺንም አልዋሽሽም። ግን በሩ ላይ ጣውላ እመታለሁ። አንድም ጉርጥ መንገድሽ ላይ አታገኚም። ካገኘሽ እኔ ራሴ ተራዬን እለቃለሁ።"

"አገልግሉስ?"

"ዛሬውኑ ይቃጠላል።"

መምሬ "እንግዲህ?" አሉ። ሐረግወይን ከጓዳው በር ሆና እጆቿን ወደ ሰማይ ዘርግታለች። "እመቤቴ ሆይ፣ ታረቁ በይልኝ! ዶሮዬ!"

በዛብሽ ሳቀች። ትንሽ ናት፣ ግን ሳቅ ናት። ተነሣች። ሳንሳሳም በፊት ግን "ጽዋዬስ?" አልኩ። ይሉኝታ የት ሄዶብኝ ነው? "ጽዋዬ ካልተመለሰልኝ አልሳምሽም!"

"ይቺ ሴት!" አለ ቤቱ ሁሉ።

"ውሰጂው፣ ውሰጂው" አለች በዛብሽ። "ከእንቁራሪቶችሽስ ይልቅ አንቺን ነው መፍራት!"

ዶሮው ቀዝቅዞ ነበር። እንዲህ የጣፈጠ ዶሮ በልቼ አላውቅም።


ነሐሴ 22

ጽዋው ቤቴ ነው። በእልልታ አድርሰውኝ፣ ዝናብ ላይ በዛብሽ ራሷ ጃንጥላ ይዛልኝ። ደጋግሜ ሄጄ አየዋለሁ።


ነሐሴ 27

ጣውላውን መታሁ። በወልደገብርኤል መዶሻ። አዴ ዲንቂ ምስማሩን እያቀበለችኝ "ራቻዎችሽ እስረኛ ሆኑ" አለችኝ። "እስረኛ አይደሉም፣ የግቢ ዘበኞች ናቸው" አልኳት።

ከሰዓት በኋላ በዛብሽ መጣች። ከጣውላው ወዲያ ማዶ ቆመች፣ ነጠላዋን በጥርሷ ይዛ።

"የትኛው ነው ሻለቃ የምትይው?"

አሳየኋት። እሱ እንደ ወትሮው አልተነቃነቀም። በዛብሽ ሩቅ ቆማ ለብዙ ጊዜ አየችው። አልገባችም። ልትሄድ ስትል ዘወር ሳትል፣

"የኔም ጓሮ ጎመኔን ትል ፈጅቶታል" አለች።

"ልስጥሽ?"

"በፍጹም!" ብላ ሮጠች። ከዚያ ከበሩ ውጭ ሆና፣ ድምፅ ብቻ፣ "...በመስከረም እንነጋገራለን።"

ሠራተኛዋ ሦስት ጊዜ መምጣቷን እስከ ዛሬ አልነገርኳትም። አልነግራትም።


ጳጉሜን 2

ለመስከረሙ ማኅበር ጌሾ ተወቀጠ። ገብስ ተቆላ። መምሬ መልእክት ላኩ፣ "ሰላጣው ይብዛ" ብለው! ቲማቲሜን የምወደው እኔ ብቻ አይደለሁም፣ ይኸው።

እኔ ባለፈው ግንቦት ይህን ደብተር ስጀምር ማን ነበርኩ? ጧት ጧት የተቆረጠ ችግኝ የምትለቅም ሴት። ብትዘለልም ብትቆጠርም ለማንም የማይገደው ይመስለኝ ነበር። አሁን ወደ ገበያ ስወርድ "እትዬ ወለቴ፣ ዘበኞችሽ እንደምን ናቸው?" የማይለኝ የለም። ግማሹ ይስቅብኛል። ይሳቅ! ግማሹ ደግሞ በጎን ጠጋ ይልና "እስቲ አንድ ሁለት..." ይለኛል። አንድ ሁለት ለሁሉም እሰጣለሁ። የሚወስድበትን ዕቃ ግን ራሱ ያምጣ!

ለአዴ ዲንቂ ነግሬያታለሁ። የማርያም ማኅበር የኔ አይደለም ብትል አልሰማትም፣ ልጆቿን ይዛ ትመጣለች። ነስሩ የክርስቲያን ሥጋ አይበላም፣ ስለዚህ ለሱ ብቻ ሽሮና ሰላጣ በተለየ ዕቃ ይሠራል። ሸዋጌጥ፣ ሐረግወይን፣ እማማ ወሰኔ፣ መምሬ፣ ዲያቆኑም ጭምር። ባለፈው ወር የሳቀብኝ ሁሉ። ቲማቲሜን ተከናንቦ የገዛ ሁሉ። በዛብሽ ከሁሉም ቀድማ፣ የክብር ቦታ ላይ።

ነጠላችሁን ሳትከናነቡ፣ ፊታችሁ እየታየ፣ በበሩ ትገባላችሁ። ሰበብ አልቀበልም። ዝናብ ሰበብ አይደለም፣ ጭቃ ሰበብ አይደለም፣ እንቁራሪትማ ጨርሶ!

መስከረም 21 ቀን፣ ሐሙስ፣ ወለቴ ቤት።